ፈቃዱ ከማን እጅ ጠፋ

«አይሆንም አልኩዎት እኮ፣ እናቴ!» አለ የመስኮቱ ሠራተኛ ማመልከቻውን በመስታወቱ ቀዳዳ ወደ ውጭ እየገፋ። «ስንቴ ልንገርዎት?»

«እናትህንም እንዲህ ነው የምታናግራት?» አለች እቴቴ ወረቀቱን መልሳ ወደ ውስጥ እየገፋች። «ጠፋ ነው የምልህ። ጠፋ! ጠፋ ማለት የለም ማለት ነው። የሌለ ነገር ከየት ላምጣልህ?»

ከኋላዋ ከተሰለፉት አንዱ ሳቀ። ሠራተኛው ግን ፊቱ አልተፈታም። የሚፈታ ዓይነትም አይደለም። አንዳንድ ሰው ከመስኮት ጀርባ ሲቀመጥ ደግነቱን ቤቱ ረስቶት ይመጣል፤ ይሄኛው ደግሞ ቤቱም ያለው አይመስልም። እስክሪብቶውን አስቀመጠና ረጅም ትንፋሽ ስቦ፣ ለሕፃን እንደሚያስረዳ ሰው ቃላቱን አንድ በአንድ እየለቀመ ጀመረ።

«የመጠጥ ፈቃዱ በሁለት ሰው ስም ነው የወጣው፤ በእርስዎና በእህትዎ። ምትክ እንድንሰጥ የፖሊስ ማስረጃ ያስፈልጋል። ማስረጃው እንዲጻፍ ደግሞ ሁለታችሁም ቀርባችሁ፣ ፈቃዱ ከማን እጅና እንዴት እንደጠፋ አንድ ዓይነት ቃል መስጠት አለባችሁ። አንድ ዓይነት! እርስዎ ሰማይ፣ እሷ ምድር ካላችሁ ማስረጃ የለም። ማስረጃ ከሌለ ምትክ የለም።»

«እንግዲያው አዲስ አውጣልኝ።»

«አዲስማ አይታሰብም። ከቤታችሁ ፊት ለፊት ትምህርት ቤት ተከፍቷል፤ እዚያ አካባቢ አዲስ የመጠጥ ፈቃድ መስጠት አቁመናል። የድሮ ፈቃድ ያለው ይሠራል፣ የሌለው ይዘጋል። ነገ ጠዋት ተቆጣጣሪዎች በራችሁን ሊያሽጉ ይመጣሉ። ዛሬ ቢሮው ሳይዘጋ ማስረጃውን ካመጡልኝ አስቆመዋለሁ። ካላመጡ እኔን አይጠይቁኝ።»

እቴቴ ነገ የሚታሸገው በሯ ታያት። ግን እዚያ ሁሉ ሰው ፊት ልትደነግጥለት? የመስኮቱን ደፍ ጨበጥ አድርጋ ቆመች።

«ሌላም አለ» አለ ሠራተኛው፣ መጥፎ ወሬ ደርቦ መስጠት የሚጣፍጠው ይመስል። «ፈቃዱን በቸልተኝነት የጣለችው እህት በምትኩ ላይ የቤቱ ኃላፊ ሆና አትመዘገብም። ድርሻዋ አይነካም። ግን ማን እንደሚቀጠር፣ ምን እንደሚገዛ፣ ቤቱ መቼ እንደሚከፈትና እንደሚዘጋ የምትወስነው ሌላዋ ናት። የጣለችው አዛዥነቷ አበቃ።»

ይቺን ስትሰማ የእቴቴ ጆሮ ቆመ።

«እንዲህ በለኛ ልጄ!» አለች ማመልከቻዋን አጣጥፋ ቦርሳዋ ውስጥ እየከተተች። «እንግዲያውስ ነገሩ ያለቀ ነው። ማን እንደጣለው እኔም አውቃለሁ፣ ሰፈሩም ያውቃል።»

ማን ጣለው? ሚጢ ናታ! ከሚጢ ሌላ ማን ይጥለዋል?

መጠጥ ቤቱ የእናታቸው ነበር። እናትየው ስትሞት ለሁለት ሴት ልጆቿ ትታው ሄደች። ታላቋን ጠጪው ሁሉ እቴቴ ይላታል። ታናሿ በልጅነቷ ከማነሷ የተነሳ ሚጢ ተባለች፤ ዛሬ ከእቴቴ በአንድ ራስ ትበልጣለች፣ ስሟ ግን ሳያድግ ቀረ። እናትየው ሌሊቱን ስትቀዳ አድራ ቀን ስለምትተኛ፣ ሚጢን አጥባና አብልታ ያሳደገቻት እቴቴ ናት። ለዚያ ብላ ትምህርቷን አቋረጠች። ለዚያ ብላ ሳታገባም፣ ሳትወልድም ቀረች። ይህን ደግሞ አንድም ቀን አልደበቀችም፤ ሚጢ ቁርስ ስትበላ ትነግራታለች፣ ሚጢ ስታገባ ለሙሽራው ዘመዶች ሳይቀር ነግራለች።

እናትየው ከተቀበረች ብዙም ሳይቆይ ሚጢ «የቤቱን ገቢና ወጪ እኔም ልወቀው እንጂ» አለች። እቴቴ ደሟ ፈላ። «ያሳደግኩሽ እኔ! አፍሽን ያስፈታሁሽ እኔ! ዛሬ በፈታሁት አፍ እኔን ልትቆጣጠሪበት?» አለቻት። ሚጢም መልስ አላጣችም። ከዚያች ቀን ወዲህ አንዷ ካንዷ ጋር ቃል አልተለዋወጠችም።

ቤቱን ግን ማን ይልቀቅ? ማንም። ባንኮኒውን መሐል ለመሐል ተካፈሉት። ግራው የእቴቴ፣ ቀኙ የሚጢ። የየራሳቸው ፍሪጅ፣ የየራሳቸው ብርጭቆ፣ የየራሳቸው ጠጪ። በግራ ቢራ የጀመረ ሰው በቀኝ ቢደግም እቴቴ ለሳምንት ሰላምታ ትነፍገዋለች። በመሐል የሚመላለሰው አንድ ሽማግሌ አስተናጋጅ ብቻ ነው፤ ከሁለቱም ጎን ደመወዝ ይቀበላል፣ የሁለቱንም መልእክት ያደርሳል። «እህትሽ በረዶ አለሽ ወይ ትላለች።» «የለኝም በላት።» «የለኝም ትላለች።» «ሲቀዘቅዝ አየሁት እኮ በላት።» ጠጪዎቹ አምባሳደር ብለው ስም አወጡለት። ስሙንም ወደደው።

ችግር የነበረው ፈቃዱ ነው። ወፍራም የወርቅ ቀለም ባለው ፍሬም ውስጥ ያለ ወረቀት፣ በሕጉ መሠረት ሰው በሚያየው ቦታ መሰቀል አለበት። ስለዚህ ልክ ባንኮኒው የሚከፈልበት መሐል ላይ ሰቀሉት። ማታስ? እቴቴ ሚጢ ሰርቃው በስሟ ልታስቀይረው ነው ብላ እንቅልፍ አጣች፤ ሚጢም ስለ እቴቴ እንደዚያው። ዘመዶች ገብተው መላ ፈለጉ። ፈቃዱ ቀን ግድግዳው ላይ ይውላል፣ ማታ ተረኛዋ ይዛው ትሄዳለች። አንድ ሳምንት የእቴቴ፣ አንድ ሳምንት የሚጢ። ሰኞ ማታ ተራ ይቀየራል። ሳይነጋገሩ፣ ሳይተያዩ፣ እንዲህ ሲያደርጉ ኖሩ።

ባለፈው ማክሰኞ ጠዋት እቴቴ ስትገባ ግድግዳው ባዶ ነው። ሚጢ ስትገባም ግድግዳው ባዶ ነው። ሁለቱም አምባሳደሩን ጠሩትና በአንድ አፍ «ይዘሽው የሄድሽውን አምጪ በላት!» አሉት። ከዚያ ወዲህ ሲፈለግ ሲፈለግ ፈቃዱ የውሃ ሽታ ሆነ።

እቴቴ ፖሊስ ጣቢያ ስትደርስ፣ በአምባሳደሩ የተጠራችው ሚጢ ቀድማ ደርሳ ኮሪደሩ ላይ ካለው አግዳሚ ወንበር ጫፍ ተቀምጣለች። እቴቴ ሌላው ጫፍ ላይ ተቀመጠች። በመሐላቸው ሁለት ሰው ይቀመጣል። ጉንፋን የያዘው አንድ ሃምሳ አለቃ መሐረቡን እንደያዘ ብቅ አለ።

«የመጠጥ ፈቃድ የጠፋባችሁ እናንተ ናችሁ?»

«እኛ አይደለንም» አለች እቴቴ። «እሷ ናት ያጠፋችው። እኔ ላመለክት ነው የመጣሁት።»

«ወይ ጉድ!» አለች ሚጢ ለግድግዳው። «ሰው ሲያረጅ ሐፍረትም ያልቅበታል?»

«ማነው ያረጀው? ማነው ያረጀው አንቺ?»

«እ እ!» ሃምሳ አለቃው እጁን አነሳ። «እዚህ መጠጥ ቤት አይደለም። አንቺ ከእኔ ጋር፣ አንቺ ከባልደረባዬ ጋር። ለየብቻ ቃላችሁን ስጡ።»

ሁለቱ ክፍሎች የተለያዩት በኮምፔንሳቶ ነው፤ ወዲህ ያለው ሲያስነጥስ ወዲያ ያለው ይማርህ ይላል። እቴቴ ተቀምጣ ቃሏን ሰጠች። ተራ የሚቀየረው ሰኞ ነው፤ ባለፈው ሰኞ ግን ገና የሚጢ ተራ ነበር፤ ምክንያቱም በዚያ ሳምንት ዋናው ቧንቧ ፈንድቶ ቤቱ አንድ ቀን ዝግ ውሏል፤ ሥራ ያልተሠራበት ቀን ደግሞ አይቆጠርም። ስለዚህ የሚጢ ሳምንት የሚያልቀው ማክሰኞ ነው። ሰኞ ማታ ይዛው መሄድ የነበረባት ሚጢ ናት። ወይ ይዛው ሄዳ ደብቃዋለች፣ ወይ ጥላዋለች።

«ደብቃዋለች ልበል፣ ጥላዋለች ልበል?» አለ ሃምሳ አለቃው እየጻፈ።

«ጥላዋለች በል። ለኃላፊነቱ የሚሆነው እሱ ነው።»

በዚህ መሐል ኮምፔንሳቶው ተንቀጠቀጠ። ሚጢ ናት።

«የኔ ሳምንት አልቋል!» ትላለች በጩኸት። «ሰኞ የእሷ ነበር! እሷ ትወስደዋለች ብዬ ዓይኔን እንኳን ሳላነሳ ነው የወጣሁት! ልጆቼ ይሙቱ ከነካሁት! ቤቱ ዝግ ቢውልስ? ዝግ ስለዋለ ቀኑ አልመሸም?»

እቴቴ ወደ ኮምፔንሳቶው ዞረች። ይህችን ልጅ ያሳደገቻት እሷ ናት፤ ስትዋሽ የሚሰማውንም፣ እውነት ስትናገር የሚሰማውንም ድምጿን ታውቃለች። ሚጢ ስትዋሽ ድምጿ ቅቤ ይሆናል። አምፖል ሰብራ «እኔ አይደለሁም እትዬ» ስትል ጆሮ ታባብል ነበር። ሳታጠፋ ከተከሰሰች ግን ጎረቤት እስኪሰበሰብ ነው የምትጮኸው። አሁን ደግሞ ጣቢያው በሙሉ እየሰማት ነው።

እውነቷን ነው! አለች እቴቴ በሆዷ። ይቺ ልጅ አልወሰደችውም።

ሃምሳ አለቃው ሁለቱን ወረቀት ጎን ለጎን አድርጎ አነበበና አፍንጫውን ጠረገ።

«አንዷ ነጭ፣ አንዷ ጥቁር። በዚህ ማስረጃ አይጻፍም። ሂዱና ተስማምታችሁ ተመለሱ። ካልተስማማችሁ ደግሞ እባካችሁ አትመለሱብኝ፤ እኔ አሞኛል።»

ጣቢያው በር ላይ ሁለቱ ፊት ለፊት ተገጣጠሙ። አምባሳደር የለም፣ ግድግዳም የለም። እቴቴ «እውነትሽን ነው፣ ሰማሁሽ» ማለት ይገባት ነበር። ምላሷ ላይ ያለው ግን ሌላ ሆነ።

«ጮሄ አስደነግጣቸዋለሁ ብለሽ ነው? ቤቱ ነገ ይታሸጋል፣ ገብቶሻል?»

«ይታሸጋ!» አለች ሚጢ። ስታናግራት ከስንት ጊዜ በኋላ መሆኑ ነው፤ ያጠራቀመችው ሁሉ አብሮ ወጣ። «ኃላፊ ለመሆን አይደል ይሄ ሁሉ ሩጫ? የመስኮቱ ልጅ ትናንት ለእኔም ነግሮኛል። በይ ሁኚ! የታሸገ ቤት ኃላፊ ሁኚ! በሩ ላይ ቁጭ ብለሽ ማኅተሙን እዘዢው!»

«አንቺ ባለጌ!»

«ያሳደገኝን ሰው ጠይቂ!»

ሚጢ ወደ ቀኝ፣ እቴቴ ወደ ግራ ሄዱ። ሁለቱም መንገድ ወደ አንድ ቤት ነው የሚወስደው፤ ግን አብሮ ከመሄድ ዞሮ መሄድ ይሻላቸዋል።

እቴቴ ስትደርስ የቢራ መኪናው በሩ ላይ ቆሟል፤ ሹፌሩ ግን አንዲት ሳጥን አላወረደም። ረዳቱ ሸራውን መልሶ እያሰረ ነው።

«ምነው?» አለችው።

«ፈቃድ ሳይሰቀል አታራግፉ ተብለናል፣ እቴቴ። ሰፈሩ ሁሉ ያወራል። እኔ ምን ላድርግ? በኋላ እኔ ነኝ የምጠየቀው።»

«ስንት ዓመት ነው የምታውቀኝ?»

«እሱማ…» አለ ሹፌሩ ወደ መሪው እየወጣ። እሱማ ብሎ ቀረ። መኪናው ጠርሙሶቹን እያንቃጨለ ሄደ፤ ከመንገዱ ማዶ ያለው የትምህርት ቤት ዘበኛ እጁን ኪሱ ከትቶ በደስታ ይመለከታል። እቴቴ ክፉኛ አየችውና ገባች።

ቤቱ ባዶ ነው። አምባሳደሩ ጠጪ የሌለበትን ጠረጴዛ ይጠርጋል። እቴቴ ባንኮኒዋ ጀርባ ያለች ዱካ ላይ ተቀመጠችና ዙሪያዋን አየች። እዚህ ቤት ውስጥ ቁመቷ ባንኮኒው ላይ ሳይደርስ ብርጭቆ አጥባለች። ጠጪ ሲያስቸግር በኮሌታው ይዞ ማስወጣት፣ ቢራ ሲሞቅ ማወቅ፣ ሰው ሲሰክር ከመስከሩ በፊት መለየት፣ ሌላ ሙያ የላትም። ነገ ይህ በር ታሽጎ ብታድር በማግስቱ የት ትሄዳለች? የማን ቤት ገብታ ማንን ትጠብቃለች? ሚጢስ? ሁለቱ መንታ ልጆቿ የሚማሩት ከዚህ ባንኮኒ በሚወጣ ነው። ባሏ እንደሆነ ሥራ ከያዘበት ቀን ሥራ የለቀቀበት ቀን ይበዛል።

«አንተ» አለች አምባሳደሩን። «ቧንቧው ፈንድቶ ዝግ የዋልን ቀን፣ ያኔ ጀምረው የነበሩት ቧንቧ ሠራተኞች ሥራቸውን የጨረሱት መቼ ነው?»

«ባለፈው ማክሰኞ ነዋ። በጠዋት፣ እናንተ ሳትመጡ እኔ ነኝ የከፈትኩላቸው። መሰላላቸውን፣ ዕቃቸውን ይዘው ሲገቡ ሲወጡ ነበር። ምነው?»

እቴቴ ዓይኗን ጨፈነች። አሁን ሁሉም ነገር ቁልጭ አለ። እሷ ዝግ የዋለውን ቀን አልቆጠረችም፤ ሰኞ ማታ የሚጢ ተራ ነው ብላ ትታው ሄደች። ሚጢ ቆጥራዋለች፤ ሰኞ ማታ የእቴቴ ተራ ነው ብላ ትታው ሄደች። ፈቃዱ ሌሊቱን ብቻውን ግድግዳው ላይ አድሮ፣ በጠዋት ከቧንቧ ሠራተኞቹ ዕቃ ጋር ወጣ። ፍሬሙ ወርቅ ይመስላላ! ወረቀቱንማ አንዱ ቦይ ውስጥ ጥለውታል። አንዲት ቃል ቢጠያየቁ፣ አንዲት! «ዛሬ ያንቺ ነው የኔ?» ይህችን ለማለት ምን ያህል ትንፋሽ ይፈጃል?

«ምን ዓይነት ጅሎች ነን!» አለች ጮክ ብላ።

«እንዲያውም ቅድም ሚጢም ገብታ…» ብሎ ጀመረ አምባሳደሩ።

«የእሷን ስም አታንሳብኝ!»

«እሺ፣ እኔ ምን አገባኝ» አለና ወደ ጠረጴዛው ተመለሰ።

እቴቴ ብዙ አሰበች። ጣቢያው ሄዳ «የሁለታችንም ጥፋት ነው» ብትል አይሆንም፤ የመስኮቱ ልጅ አንድ ሰው ነው የሚፈልገው። ሚጢ ጥፋቱን እንድትወስድ መለመን? ሞቷ! የራሷን ስም መስጠትስ? ያኔ ኃላፊዋ ሚጢ ትሆናለች። ሚጢ ልታዛት! ሚጢ «ዛሬ ቶሎ ዝጊ» ልትላት! ነገር ግን ከታሸገ በር ባለጌ የከፈተው በር ይሻላል ብላ ተነሳች፤ ቦርሳዋን ብድግ አደረገች።

«ለእሷ ብዬ አይደለም» አለች በሩን እያለፈች።

«ማን ምን አለ?» አለ አምባሳደሩ።

ጣቢያው ስትደርስ ፀሐይዋ ወደ ማዘቅዘቁ ብላለች። ሚጢም እዚያው ናት፤ አሁንም ቀድማታለች። ይቺ ልጅ ደግሞ ምን ፈልጋ መጣች? ሃምሳ አለቃው ሁለቱንም ሲያይ ፊቱ ጠቆረ።

«ተስማማችሁ?»

መልሳቸውን እንኳን አልጠበቀም። እንደገና ለየብቻ አስገባቸው።

«ጻፍ» አለች እቴቴ። ጥርስ እንደሚነቀል ሰው የወንበሩን ጎን ጨብጣለች። «ተራው የኔ ነበር። ረሳሁት። ከእኔ እጅ ነው የጠፋው።»

ሃምሳ አለቃው ቀና ብሎ አያት። «ጠዋት እኮ…»

«የጠዋቱን ተወው። ጠዋት ዋሽቻለሁ። ጻፍ ብያለሁ፣ ቢሮው ሊዘጋ ነው።»

ጽፎ ጨርሶ ወደ ባልደረባው ክፍል ገባ። ከኮምፔንሳቶው ወዲያ ማጉረምረም ተሰማ፣ ከዚያ የሃምሳ አለቃው ማስነጠስ። ሲመለስ ሁለት ወረቀት ይዟል። ከኋላው ሚጢ አለች።

«ምን አድርጌያችሁ ነው?» አለ። «እውነቴን ነው የምጠይቃችሁ። ጠዋት እሷ ናት፣ እሷ ናት አላችሁኝ። አሁን ይኸው፣ እሷም ከእኔ እጅ ነው የጠፋው ብላለች!»

«ውሸቷን ነው!» አለች እቴቴ ከወንበሯ ብድግ ብላ።

«ማነው ውሸታም?» አለች ሚጢ። «አምባሳደርን ጠይቄዋለሁ። ዝግ የዋለ ቀን አይቆጠርም። ስለዚህ ሰኞ የኔ ነበር።»

«ጠዋት ይቆጠራል ብለሽ ጣቢያውን ስታፈርሺ አልነበር?»

«አሁን አይቆጠርም!»

«ይቆጠራል! የመሸ ቀን ይቆጠራል! ሰኞ የኔ ነው!»

«አይደለም!»

«ነው አልኩሽ!»

የጣቢያው በረኛ በሩ ላይ መጥቶ ቆመ። ሃምሳ አለቃው ሁለት እጁን ራሱ ላይ አደረገ።

«ተይው አንቺ!» አለች እቴቴ እጇን እያወናጨፈች። «ልጆች አሉሽ። ኃላፊ ሁኚና ልጆችሽን አሳድጊ። እኔ እችለዋለሁ። እኔ ለምጄዋለሁ።»

«ይኸው!» ሚጢ ወደ ሃምሳ አለቃው ዞረች፤ ፊቷ ቀልቷል፣ ዓይኗ ውሃ ሞልቷል። «ይኸው ሰማሃት? እኔ እችለዋለሁ! ዕድሜዋን ሙሉ የምትችለው እሷ፣ የምትሸከመው እሷ፣ ከዚያ ቁጭ አድርጋ የምትቆጥርልኝ እሷ! ትምህርቴን ያቋረጥኩት ለአንቺ፣ ሳላገባ የቀረሁት ለአንቺ! መቼ ነው ተይ ያልኩሽ? ለምኜሽ ነው? ሕፃን ነበርኩ እኮ! ነገ ደግሞ 'ለአንቺ ብዬ ስሜን አጠፋሁ' ልትዪኝ ነው። ልጆቼ ፊት ልትዪኝ ነው። አልፈልግም!»

«ታዲያ ምን ትፈልጊያለሽ?» አለች እቴቴ። ድምጿ ወረደ።

«እኔ ላድርግልሽ! አንድ ነገር! አንድ ቀን እንኳን እኔ ልሸከምና አንቺ ተቀበይ። ኃላፊ ሁኚ፣ እዘዢኝ፣ ስደቢኝ። ግን ይቺን እኔ አደረግኩልሽ። ይቺን አንቺ ልትቆጥሪብኝ አትችይም።»

እቴቴ ተቀመጠች። ጠዋት የመስኮቱ ልጅ ሲነግራት የተመኘችው ይኸው ነበር፤ ሚጢ ጥፋተኛ፣ እሷ ኃላፊ። ይኸው እጇ ገባ። እንዲህ ይመራል ብላ አላሰበችም። በልጅነቷ የአንድ ወር ሕፃን ታቅፋ የተነሳችው ሴት፣ ከዚያ ወዲህ ማንም እንዲሸከምላት ፈቅዳ አታውቅም፤ ተሸካሚ ከሆንክ ጌታ ነህ፣ ከተሸከሙልህ ባለዕዳ ነህ። እንዲህ ነው የኖረችው። በዚህም ሚጢን ስታስከፍላት ኖራለች። ይህንን አሁን አወቀችው፤ ስታውቀው ደግሞ ተናደደች፣ አፈረችም።

ሃምሳ አለቃው የግድግዳውን ሰዓት አየ።

«አንዳችሁ ቃላችሁን ቀይሩ። ማንኛችሁ እንደሆነች ለኔ ግድ የለኝም። አሁን ካልሆነ ግን ቢሮው ይዘጋል፣ በራችሁ ይታሸጋል፣ እኔም ወደ ቤቴ ሄጄ እተኛለሁ።»

ሚጢ ክንዷን አጣምራ ቆማለች። ልትለቅ አይደለችም። ከማን ወረሰችው ቢባል መልሱ እዚያው ወንበር ላይ ተቀምጧል።

«የኔን ቅደደው» አለች እቴቴ።

«ምን?»

«የኔን ወረቀት። ቅደደው አልኩህ እኮ!» ወረቀቱን በጣቷ ገፋችለት። «የእሷን ጻፍ። ሚጢ ናት የጣለችው።»

ሃምሳ አለቃው ሐሳቧን ሳትቀይር ብሎ ወረቀቱን ለሁለት ሰነጠቀው። ማስረጃውን ጻፈ፣ ማኅተም አደረገበት፣ እስክሪብቶውን መጀመሪያ ለሚጢ ሰጣት። ሚጢ በደማቁ ፈረመች፤ ሽልማት የተቀበለች ነው የምትመስለው። እቴቴ እስክሪብቶውን ይዛ ከወረቀቱ በላይ ቆየች።

«ምነው?» አለች ሚጢ። «መፈረም ጠፋብሽ?»

«አታጣድፊኝ።»

«አመሰግናለሁ ማለትስ ያንቃል?»

«ያንቃል» አለች እቴቴና ፈረመች።

ወረቀቱን አጣጥፋ ብድግ አለች፤ ቦርሳዋ ውስጥ ልትከተው ከፈተችና መልሳ ዘጋችው። ለሚጢ ዘረጋችላት።

«አንቺ ያዢው። እግርሽ ረጅም ነው፣ ቀድመሽ ድረሽ» አለች ወደ በሩ እያየች። ከዚያ ጉሮሮዋን ጠረገች። «አመሰግናለሁ። ሩጪ እንግዲህ፣ ምን ገትሮ ያቆምሻል?»